ወደ ታች ብቻ የሚመታ እጅ



ጊታር የሚጫወት ሰው ቀኝ እጅ ሁለት መንገድ አለው፤ ክሩን ወደ ታች መምታትና ወደ ላይ መምታት። አብዛኞቹ ተጫዋቾች ሁለቱን እያፈራረቁ ይሠሩባቸዋል። እጁ ሲወርድ አንድ ድምፅ፣ ሲመለስም ሌላ ድምፅ ያወጣል። ይህ ቆጣቢ አሠራር ነው፤ ከእጅ ጉዞ የሚባክን ነገር የለም። ሆን ብለው ግማሹን መንገድ የተዉ ተጫዋቾች ግን አሉ። እነርሱ ክሩን የሚመቱት ወደ ታች ሲወርዱ ብቻ ነው። እጃቸው ወደ ላይ የሚመለሰው ክሩን ሳይነካና ድምፅ ሳያሰማ ነው። ስለዚህም ለእያንዳንዱ ድምፅ ሁለት እንቅስቃሴ ይከፍላሉ፤ አንዱ ይሰማል፣ ሌላው አይሰማም።

ስለዚህ ነገር ልጽፍላችሁ የተነሣሁት ያለ ምክንያት አይደለም። በስደት ባለው ማኅበራችን ውስጥ መዘምራንን በጊታርና በቤዝ የሚያጅቡ ብዙዎች ናቸው። አብዛኞቹ ሙዚቃን የተማሩት ትምህርት ቤት ገብተው ሳይሆን ከሥራ መልስ፣ በጋራ መኝታ ክፍል፣ ከስልክ ላይ እያዩ ነው። እኔም ከእነርሱ አንዱ ነኝ። በአንድ ሆቴል የልብስ ማጠቢያ ክፍል አንሶላና የጠረጴዛ ልብስ እተኩሳለሁ፤ በዕረፍት ቀኔ ደግሞ ቤዝ ጊታር እይዛለሁ። ካውያውን የሚይዘውም ክሩን የሚመታውም ያው አንድ ቀኝ እጅ ነው። ለኑሮ ሌላ፣ ለዜማ ሌላ እጅ አልተሰጠንም። በእጁ ሠርቶ ቤተሰቡን ለሚረዳ ሰው ደግሞ እጁን እንዴት እንደሚያንቀሳቅስ ማወቅ ትንሽ ጉዳይ አይደለም።

አስቀድመን ወደ ታች ብቻ መምታት ምን እንደሚያስገኝ እንመልከት። ጊታር ሲያዝ ወፍራሙ ክር ከላይ፣ ቀጭኑ ከታች ይሆናል። እጅ ሲወርድ ፒኩ፣ ማለትም በጣት የምንይዘው መምቻ፣ መጀመሪያ የሚያገኘው ወፍራሙን ክር ነው፤ ሲመለስ ግን ቀጭኑን ያስቀድማል። ስለዚህ ወደ ታች የተመታ ኮርድ ከመሠረቱ ይነሣል፤ ወደ ላይ የተመታው ደግሞ ከጣሪያው ይጀምራል። በአንድ ክር ላይ ብቻ ሲጫወቱም ልዩነቱ አይጠፋም። እጅ ሲወርድ ክብደቱ ያግዘዋል፤ ሲወጣ ግን ያንኑ ክብደት ይዞ መነሣት አለበት። ስለዚህ እያፈራረቀ የሚመታ ሰው በጣም ካልሠለጠነ በቀር ድምፁ ጥንድ ጥንድ ሆኖ ይሰማል፤ ጠንካራ፣ ለስላሳ፣ ጠንካራ፣ ለስላሳ። ሁሉም ምት ወደ ታች ሲሆን ግን እያንዳንዱ ድምፅ ባልንጀራውን ይመስላል። የመዳፍን ጎን በጊታሩ ድልድይ አጠገብ በክሮቹ ላይ አሳርፎ ድምፁን አፈን ማድረግ ሲጨመርበት ደግሞ ምቱ አጭር፣ ደረቅና ክብደት ያለው ይሆናል።

በቤዝ ላይ ይህ ነገር ይበልጥ ይገለጣል። የጊታር ወፍራሙ ክር በሴኮንድ 82 ጊዜ ያህል ይርገበገባል፤ የባለ አራት ክር ቤዝ ወፍራሙ ክር ግን 41 ጊዜ ያህል ብቻ ነው። ድምፁ እጅግ ዝቅ ያለ በመሆኑ ጆሮ አንዱ ድምፅ የት እንደ ጀመረ የሚለየው በአብዛኛው ፒኩ ክሩን ከሚነካበት ቅጽበት ነው። ያ ቅጽበት አንዴ ጠንከር፣ አንዴ ላላ ካለ ዘማሪዎቹ ምክንያቱን ሳያውቁት መንገዳቸው ይጠፋባቸዋል። እኩል ከሆነ ግን ወለል እንደ ተነጠፈላቸው ይቆማሉ።

ይህን አሠራር በዓለም ካሳወቁት ሰዎች አንዱ ጆኒ ራሞን ነው። እ.ኤ.አ. በ1974 በኒው ዮርክ ከተማ፣ በኩዊንስ፣ ራሞንስ የተባለው ባንድ ተመሠረተ። አባላቱ ወንድማማቾች አልነበሩም፤ ነገር ግን ሁሉም «ራሞን» የሚለውን ስም ተጋርተው ተጠሩበት። ጊታር ተጫዋቹ ጆኒ ከዚያ በፊት በግንባታ ሥራ ላይ የቆየ ሰው ነበር። እ.ኤ.አ. በ1976 የወጣው የመጀመሪያ አልበማቸው 14 ዘፈኖች አሉት፤ ሁሉም ተደምረው ግማሽ ሰዓት አይሞሉም። ጆኒ በረጅም የጊታር ጨዋታ የመታየት ፍላጎት አልነበረውም። ኮርዶቹን ይይዛል፤ ወደ ታች ይመታል፤ ዘፈኑ ሲያልቅ ሌላው ይጀመራል። ቤዝ ተጫዋቹ ዲ ዲ ራሞንም እንደዚሁ በፒክ ወደ ታች እየመታ አጠገቡ ይቆም ነበር።

እስኪ ትንሽ እናስላ። በደቂቃ 175 ምት በሚሄድ ዘፈን በእያንዳንዱ ምት ውስጥ ሁለት ጊዜ ወደ ታች የሚመታ ሰው በደቂቃ 350 ጊዜ ይመታል። በዚህ ፍጥነት አንድ ሰዓት ቢቆይ 21,000 ምት ይሆናል። አድማጩ የሚሰማው 21,000ውን ነው፤ እጁ ግን ሌላ 21,000 ጊዜ ያለ ድምፅ ተመልሷል። ባንዱ እ.ኤ.አ. በ1996 እስኪያቆም ድረስ ከ2,200 በላይ ኮንሰርቶችን ተጫውቷል። እኔን የሚገርመኝ የጆኒ ክንድ ብርታት ብቻ አይደለም። አንድ ሰው አንዲት ትንሽ ነገር ይዞ፣ ሌላ ሳያምረው፣ በዚያችው ነገር ላይ 22 ዓመት መቆየቱ ነው።

ከእርሱ በኋላ ይህን አሠራር ወደ ሌላ ጠርዝ ያደረሰው የሜታሊካው ጄምስ ሄትፊልድ ነው። እ.ኤ.አ. በ1986 የወጣው «ማስተር ኦፍ ፐፔትስ» የተባለው ዘፈን በደቂቃ 212 ምት ገደማ ይሄዳል። ዋናውን ክፍል ወደ ታች ብቻ የሚጫወት ሰው በሴኮንድ ሰባት ጊዜ ያህል መምታት አለበት። ዘፈኑ ከስምንት ደቂቃ በላይ ነው። በዓለም ዙሪያ የሚገኙ ወጣት ጊታር ተጫዋቾች ክንዳቸውን የሚፈትኑበት መለኪያ ሆኖ ቀርቷል።

ነገር ግን በዚሁ ዘፈን ውስጥ ብዙዎች የማያስተውሉት ነገር አለ። የባንዱ ቤዝ ተጫዋች የነበረው ክሊፍ በርተን ፒክ አይዝም ነበር። ቤዙን የሚጫወተው በጣቶቹ ነው። አንድ ዘፈን፣ አንድ ፍጥነት፣ በአንድ መድረክ ላይ የቆሙ ሁለት ሰዎች፤ አንዱ እጁን ወደ ታች ብቻ ያወርዳል፣ ሌላው ጣቶቹን ያፈራርቃል። በርተን በዚያው ዓመት በስዊድን በደረሰ የመኪና አደጋ ከሞተ በኋላ የተተካው ጄሰን ኒውስቴድ ደግሞ በፒክ ይጫወት ነበር። እንግዲህ ወደ ታች መምታት ለሚፈለገው ድምፅ ሲባል የሚመረጥ አሠራር እንጂ የሙዚቃ ሕግ አይደለም። ይህን ልብ በሉልኝ፤ ወደ በኋላ እመለስበታለሁ።

እኔን ይህን አሠራር ያስተማረኝ በአንድ ክፍል አብሮኝ ያደረ ፊሊፒናዊ ነው። ፊሊፒናውያን ታላቅ ወንድማቸውን «ኩያ» እንደሚሉ ታውቃላችሁ፤ እኔም «ኩያ» እለው ነበር፤ እርሱም «ብራዘር» ይለኛል። ሌሎች ስለሚተኙ አምፕሊፋየር አንከፍትም ነበር። በአልጋው ጠርዝ ተቀምጠን፣ ጆሯችንን ወደ ክሩ አስጠግተን ነበር የምንሠራው። መጀመሪያ ያስተማረኝ ግን መምታትን አልነበረም። እንግሊዝኛና ዓረብኛ በተቀላቀለባት የካምፕ ቋንቋችን «ብራዘር፣ መምታት ሁሉም ሰው ይችላል፤ አንተ መመለስን ተማር» አለኝ።

ከዚያ የግራ እጄን ጣቶች በቀኝ ክንዴ ላይ አስቀምጦ ቀስ ብዬ እንድመታ አደረገኝ። እጄ ሲወርድ ጡንቻው ይጠነክራል፤ ይህ ተገቢ ነው። ሲመለስስ? ያን ጊዜ ላላ ካለ ደኅና ነው፤ እንደ ተጨበጠ ከተመለሰ ግን ክንዱ ያለ ዕረፍት ሁለት ጊዜ ሠራ ማለት ነው። ጀማሪ በሁለት ደቂቃ ውስጥ ክንዱ የሚቃጠልበት ዋናው ምክንያት መምታቱ ሳይሆን አለመልቀቁ ነው። የሠለጠነ እጅ ግን በወረደ ቁጥር ይሠራል፣ በተመለሰ ቁጥር ጥቂት ያርፋል። በሴኮንድ ሰባት ጊዜ ቢመታም ሰባት ትናንሽ ዕረፍቶች አሉት። ኩያ ፒኩን «እንደ እንቁላል ያዘው» ይለኝ ነበር፤ እንዳይወድቅም እንዳይሰበርም።

ይህ ትምህርት ቶሎ የገባኝ በሥራዬ ምክንያት ይመስለኛል። ካውያ የሚያውቅ ሰው በጉልበት አይጫንም፤ የካውያው ክብደትና እንፋሎቱ ይሠሩለታል። ሲመልሰውም ጨርቁን እንዳያጨማድድ ቀለል አድርጎ ነው። አዲስ የመጣ ሠራተኛ ግን ሲሄድም ሲመለስም ይጫናል፤ ቀኑም ሳይጋመስ ትከሻው ይዝላል።

የአማርኛ መዝሙር ለሚያጅቡ ደግሞ የራሳችን የሆነ አንድ ጥቅም አለ። ከዜማዎቻችን ብዙዎቹ በስድስት ስምንተኛ ምት የሚሄዱ ናቸው። በአንድ ዙር ስድስት ትናንሽ ምቶች ይኖራሉ፤ ሦስት ሦስት ሆነው በሁለት ይከፈላሉ፤ ጭብጨባው የሚያርፈው በአንደኛውና በአራተኛው ላይ ነው። አሁን እጃችሁን እያፈራረቃችሁ ሞክሩት፤ ታች፣ ላይ፣ ታች፤ ላይ፣ ታች፣ ላይ። የመጀመሪያው ጭብጨባ ወደ ታች በሚወርደው ምት ላይ ሲወድቅ፣ ሁለተኛው ወደ ላይ በሚወጣው፣ ማለትም በደካማው ላይ ይወድቃል። ዜማው እንደሚያነክስ ሰው ይሆናል። ስድስቱንም ወደ ታች ብትመቱ ግን ሁለቱ ጭብጨባዎች እኩል ክብደት ያገኛሉ። መዝሙሩ ረጋ ያለ ከሆነ እጅ ይህን ያለ ድካም ይችለዋል። ፈጠን ካለ ደግሞ ታች፣ ላይ፣ ታች፤ ታች፣ ላይ፣ ታች ብሎ በእያንዳንዱ ጭብጨባ ላይ እጁን ወደ ታች መመለስ ይቻላል። እንግዲህ ወደ ታች መምታት ለፍጥነት ለሚፎካከሩ ብቻ የተሰጠ አይደለም። ከልዩ ልዩ አገር የመጣ ሕዝብ አብሮ እንዲያጨበጭብ ለሚያግዝ ቤዝ ተጫዋችም ይጠቅማል።

የምንኖርበት አገር ሰዎችም በዑዳቸው ላይ ስለ እጅ ጉዞ ብዙ አስበዋል። ዑድ የሚመታበትን መምቻ «ሪሻ»፣ ማለትም ላባ ይሉታል። የሚወርደውን ምት «ሰድ»፣ የሚመለሰውን ደግሞ «ረድ» ብለው ይጠሩታል። «ረድ» በዓረብኛ መመለስም መልስ መስጠትም ነው። በአማርኛችንም «መመለስ» ሁለቱንም ይይዛል፤ ሰው ወደ አገሩ ይመለሳል፣ ለተጠየቀውም ይመልሳል። በዑድ ላይ መልሱ ይሰማል። ወደ ታች ብቻ በሚመታ ጊታር ላይ ግን መልሱ ዝምታ ነው። መመለስ የሚለውን ቃል በየቀኑ በልባችን ለምናመላልስ ለእኛ፣ ያች ድምፅ የሌላት መመለስ ባትኖር ቀጣዩ ምት እንደማይኖር ማሰቡ ለእኔ ትርጉም አለው።

አሁን ወደ ጻፍሁበት ዋና ምክንያት ልምጣ። ከእኛ ጋር የሚያገለግል አንድ ወጣት አለ፤ ቀን መኪና ያጥባል። ጊታር የተማረው በራሱ ጥረት ነው። ባለፈው ዓመት የሄትፊልድን ፍጥነት ለመድረስ ቆርጦ ተነሣ። ከረጅም የሥራ ሰዓት በኋላ በየሌሊቱ ሁለት ሰዓት ያህል ወደ ታች ይመታ ነበር። ክንዱ ሲቃጠል «ይህ ብርታት እየመጣ ነው» ብሎ ይጨምራል። አንድ አርብ ከልምምድ በኋላ ቀርቦ «ጋሼ፣ እጄ ሰነፈብኝ» አለኝ። የእጁ አንጓ አብጦ ነበር። ጠዋት ጠዋት አውራ ጣቱና ጠቋሚ ጣቱ ይደነዝዙበታል፤ የመኪና መጥረጊያውን ጨርቅ መጭመቅ አቅቶታል።

እኔም «እጅህ አልሰነፈም፤ ዕረፍት አጥቶ ነው» አልሁት። ከማኅበራችን ነርስ የሆነች እህት አየችውና ያለ ማመንታት ወደ ሐኪም ላከችው። ሐኪሙም ለብዙ ሳምንታት ጊታር እንዳይነካ አዘዘው። በእነዚያ ቀናት ያስጨነቀው ጊታሩ አልነበረም። እናቱ በየወሩ የምትጠብቀው ገንዘብ ነበር። እጁ ባይድን ኖሮ አንድ ዘፈን ለመጫወት ሲል የአንድ ቤት ኑሮ ይናጋ ነበር። እግዚአብሔር ይመስገን፣ በጊዜ ስለ ተወው ተሻለው።

በሚያርፍባቸው ሳምንታት ከመዘምራኑ ጋር ተቀምጦ ምት እንዲቆጥርልን ለመንሁት። ተመልሶ ሲጀምርም በደቂቃ 60 ምት ጀመርን፤ መመለስን ከማስተማር። አንድ ቀን «ጋሼ፣ ፈጣኑን እያፈራረቅሁ ብመታው ተሸነፍሁ ማለት ነው?» ብሎ ጠየቀኝ። ስለ ክሊፍ በርተን ነገርሁት። በዚያው ዘፈን ውስጥ በጣቶቹ ይጫወት የነበረውን ሰው የተሸነፈ ነው የሚለው ማንም የለም። አሁን ይህ ወንድማችን ረጋ ያሉትን መዝሙሮች ወደ ታች ብቻ፣ ፈጣኖቹን ደግሞ እያፈራረቀ ያጅባል። በ212 ምት አልደረሰም፤ ሰኞ ጠዋት ግን ጨርቁን ይጨምቃል።

ለምትማሩ ወንድሞችና እህቶች የማውቀውን በአጭሩ ልተውላችሁ። እንቅስቃሴው ከክርን ሳይሆን ከእጅ አንጓ ይነሣ፤ ትንሽም ይሁን። ፒኩ ክሩን በጫፉ ብቻ ይንካው፤ ወደ ውስጥ በገባ ቁጥር ለመውጣት ጉልበት ይጠይቃል። ለቤዝ ጠንከር ያለ፣ 1 ሚሊ ሜትር ወይም ከዚያ በላይ ውፍረት ያለው ፒክ ይመረጣል፤ ቀጭኑ በወፍራም ክር ላይ ይታጠፋል። በሜትሮኖም በደቂቃ ከ70 ወይም ከ80 ምት ጀምሩ፤ በእያንዳንዱ ምት ሁለት ጊዜ ወደ ታች ምቱ። ለአምስት ደቂቃ ክንዳችሁ ሳይጠነክር ከቆያችሁ በሚቀጥለው ቀን አራት ወይም አምስት ምት ጨምሩ፤ ከጠነከረ ደግሞ ወደ ነበራችሁበት ውረዱ። ድካምና ሕመም አንድ እንዳልሆኑም እወቁ። በክንድ ጡንቻ ላይ የሚሰማና ስታርፉ በደቂቃዎች ውስጥ የሚለቅቅ ድካም የልምምድ ነው። በአንጓ ላይ የሚወጋ ሕመም፣ የጣት መደንዘዝ፣ ወይም እስከ ማግስቱ የሚቆይ ቁርጥማት ግን የልምምድ አይደለም፤ ያን ጊዜ ጊታሩን አስቀምጡና ሐኪም ይያችሁ።

ብዙዎቻችን ዋጋችን የሚለካው በሚታየው ሥራችን ብቻ በሆነበት ቦታ እንኖራለን። ስንት አንሶላ ተተኰሰ፣ ስንት መኪና ታጠበ፣ ስንት ብር ተላከ ተብሎ ይቆጠራል። ማረፍ በዚያ መዝገብ ላይ ስለማይጻፍ የሰነፍ ነገር ይመስለናል። እኔ ግን ይህን አሠራር ከተማርሁ ወዲህ ዕረፍትን ከሥራው ውጭ አድርጌ ማየት ትቻለሁ። ወደ ላይ የሚመለሰው እጅ ምንም ድምፅ አያወጣም፤ ሆኖም ግማሹን ዜማ የተሸከመው እርሱ ነው።

ስለዚህ አርብ ከመዘምራን ጋር ከመቀመጣችሁ በፊት ጥቂት ደቂቃ ስጡት። ቀኝ እጃችሁን በሞቀ ውኃ ታጠቡ፤ ጣቶቻችሁን ዘርግታችሁ አጥፉ፤ ሳምንቱን ሙሉ ሲጨብጥ የዋለውን እጅ በጭናችሁ ላይ ዝም ብሎ እንዲያርፍ ተዉት። ከዚያ ፒኩን አንሡ።